ጠዋት የማይታጠፉ ጣቶች

ሽማግሌው ሻማ ሠሪ ወንበሩ ላይ ቀጥ ብሎ እንደተቀመጠ ሞቶ ተገኘ። ጭንቅላቱ ብቻ ወደ ግድግዳው አዘንብሏል። ሁለት እጆቹ መዳፋቸው ወደ ላይ ተገልብጦ ጭኖቹ ላይ አርፈዋል። ትከሻው ላይ ፎጣ ጣል ተደርጓል።

መርማሪው ሬሳውን ከመጠጋቱ በፊት ደጃፉ ላይ ቆሞ ክፍሉን ተመለከተ። ጣሪያው ዝቅ ያለ ሰፊ ሻማ ቤት ነው። በአንዱ ጥግ ሰም የሚቀልጥበት በርሜል አለ። በሌላው ጥግ የጎማ ፎርማዎች የተደረደሩበት ረጅም ጠረጴዛ፣ ከሥሩም የጄሶ ከረጢት ይታያል። ከሽማግሌው ወንበር አጠገብ በርጩማ ላይ የተቀመጠ ትንሽ ድስት አለ፤ ውስጡ ያለው ሰም ቀዝቅዞ ነጭ ሆኗል። በስተኋላ ወደ መኖሪያው የሚያወጣ የእንጨት ደረጃ ይታያል።

«ምን ትጠብቃለህ? ግባ እንጂ!» አለው የጣቢያው አዛዥ ከውስጥ።

«እየገባሁ ነው።»

«አንተ እስክትገባ ሟቹም ይሰለቸዋል።»

መርማሪው አልሳቀም፤ አልተቀየመምም። ጣቢያው ውስጥ «ቀስ በል» የሚል ቅጽል ስም የወጣለት እሱ ራሱ ላገኘው ሰው ሁሉ ይህንኑ ስለሚል ነው።

አዛዡ ነገሩን ባጭሩ አስረዳው። ሽማግሌው የሞተው ታፍኖ ነው። የሰፈሩ ክሊኒክ ሐኪም መጥታ ዓይኖቹ ውስጥ የተበተኑ ቀያይ ነጠብጣቦችን አይታለች፤ ከጥርሶቹም መካከል የፎጣ ክር መዝዛ አውጥታለች። ታናሽ ወንድሙ ለሱቁ ሻማ ሊወስድ ማለዳ ሲመጣ በሩን ክፍት፣ እሱን ደግሞ በድን ሆኖ አገኘው።

«እስቲ ደረቱን እየው፣ በር ያክላል» አለ አዛዡ። «እንዲህ ያለ ሰው ሲያፍኑት ዝም ብሎ አይታፈንም። ይቧጭራል፣ ይራገጣል። ጥፍሩ ሥር ግን ምንም የለም፤ ወንበሩም አልወደቀም። እንግዲህ የገደለው ሰው ከእሱ የባሰ ጉልበተኛ ነው ማለት ነው። ይዘነዋል።»

«ማንን?»

«ሠራተኛውን፣ ክሩ የሚሉትን። ቅጥነቱ እንዳያታልልህ፣ ክንዱ ብረት ነው። ድሮ ሰው ወግቶ ታስሮ የወጣ ነው። ትናንት ከአሠሪው ጋር ሲጯጯሁ ጎረቤት ሰምቷል። ዛሬ ማለዳም በዚህ በር ላይ ቆሞ ታይቷል። ሌላ ምን ትፈልጋለህ? ከሰዓት በኋላ ወደ ማረሚያ ቤት የሚወስደው መኪና ይመጣል።»

መርማሪው ጎንበስ ብሎ የሟቹን ክንዶች ተመለከተ። የሁለቱም እጆች እጅጌ እስከ ክርኑ ድረስ ተጠቅሏል። አጠቃለሉ በብረት የተተኮሰ ይመስል እኩል እኩል ነው።

«ጠዋት በርዶ ነበር?»

«አጥንት ድረስ ዘልቆ ይገባ ነበር። ምነው?»

«እጅጌው ተጠቅልሏል።»

«ሥራ ሊጀምር ነዋ!»

የእጁ ቆዳ የተቀባ ያህል ያብለጨልጫል። አንጓው ላይ ካሉት ፀጉሮች መካከል ደቃቅ ነጭ ፍርፋሪ ተጣብቋል። መርማሪው በጥፍሩ ነካ አደረገው።

«ሰም ነው» አለ።

«ሻማ ሠሪ ላይ ምን ልታገኝ ነበር፣ ዱቄት?» አለ አዛዡ፤ ሰዓቱንም አየ።

ወንድምየው ግቢው ውስጥ ባዶ ሣጥን ላይ ተቀምጦ ነበር። ነጋዴ ነው፤ ሐዘን ላይም ሆኖ አፉ አያርፍም።

«ቤቱን እንሽጠው ብዬዋለሁ፣ አልደብቅዎትም» አለ ሳይጠየቅ። «ሻማ ዛሬ ማን ይገዛል? መብራት ሲጠፋ ብቻ ነው የምንታወሰው። አሻፈረኝ አለ። ግን ወንድሜ ነው። አሻፈረኝ ሲለኝ ነው የኖረው፤ በዚህ ብገድለው ኖሮ ገና ልጅ እያለን በገደልኩት።»

«ምን ነበር የሚያመው?»

«ሲኖ… ሲኖ ምናምን። ሐኪሟ ያመጣችው ቃል ነው። በፊት ቁርጥማት ነበር የምንለው። ቁርጥማት ሳለ በቅባት ይታሽና ይተኛ ነበር። ስሙ ሲረዝም በሽታውም አብሮ ረዘመ።»

«አያምኑትም ነበር?»

ነጋዴው እጆቹን ዘረጋ። «ምን ልበልዎት? ጠዋት ማንኪያ መያዝ ያቅተዋል። ከሰዓት በኋላ ካርታ ስንጫወት ግን ሲያማታው ቢያዩት! ትናንት እንኳ አሸንፎኛል። ደወል ያለው በሽታ አይተው ያውቃሉ? ጠዋት ይደወላል፣ ምሳ ሲበላ ይዘጋል።»

«ሲብስበት ምን ያደርጋል?»

«እዚያች ትንሽ ድስት ውስጥ ሰም ያቀልጡለታል። ድስቷን ያወርዱና ለብ ስትል እጆቹን ይነክራል፣ ያወጣል፣ ይነክራል፣ ያወጣል። በስተመጨረሻ ነጭ ጓንት ያጠለቀ ይመስላል። ከዚያ በፌስታልና በፎጣ ጠቅልለውለት እስኪቀዘቅዝ ይቀመጣል። ያፍታታኛል ይላል።»

«ዛሬስ ነክሮ ነበር?»

«ሴት ልጁ አልነከረም ብላለች። ትናንት ደህና ነበር አልኩዎት እኮ።»

«እርስዎ ነክረውለት ያውቃሉ?»

«እኔ?» ነጋዴው መሳቅ ጀምሮ ሐዘኑ ትዝ አለውና ተወው። «እኔ ሰም የምነካው ሻማ ሆኖ ከታሸገ በኋላ ነው። ሲሞቅ ይለበልበኛል፤ ሲቀዘቅዝ ይጣበቅብኛል። አባታችን ከዚህ ቤት አስወጥቶ ወደ ሱቅ የላከኝ ለዚሁ ነው።»

«ልጅቱስ? ከአባቷ ጋር እንዴት ነበሩ?»

«ጣቴ ነው የሚላት። እናቷ ከሞተች ወዲህ እሱን የምታለብሰውም፣ ቁልፉን የምትቆልፍለትም እሷ ናት።» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ሩቅ ከተማ ያለ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ተቀብሏት ነበር። ልትሄድ ትነሣለች፣ እሱ ይብስበታል፣ ትቀራለች። ዘንድሮ ካልሄደች ቦታው ለሌላ ይሰጣል አሉ። ምስኪን። አሁንማ መንገዱ ክፍት ነው፤ በምን ልብ ትሄድ እንጂ።»

ሬሳው ወደ ክሊኒኩ ሲወሰድ ልጅቱ ከላይ ወርዳ ፎርማዎቹ ጋ ቆመች። መርማሪው ሲገባ በአበባ ቅርጽ የተሠሩ ሻማዎችን ከጎማ ፎርማ እያወጣች ነበር። በፎርማው ጠርዝ የተንጠባጠበውን ሰም ከላይ እስከ ታች በምላጭ በአንድ መስመር ትተረትረዋለች፤ ጎማውን እንደ መጽሐፍ ትገልጠዋለች። አበባው ቅጠሉ ሳይሰበር ይወጣል። ትርፍራፊውን ዞራ ሳታይ ወደ ኋላዋ ትወረውረዋለች። አንዱም በርሜሉን አልሳተም።

«የታዘዘ ሥራ ነው» አለች ዓይኗን ሳታነሣ። «ካስቸገርኩዎት እተወዋለሁ።»

«ቀጥዪ። ጠዋት የት ነበርሽ?»

«ላይ ተኝቼ። አጎቴ ሲጮህ ነው የነቃሁት።»

«አባትሽ ምን ነበር የሚያመው?»

«ሲኖቫይተስ።» ቃሉን ሳትደናቀፍ ጠራችው። «እኛ ቤት እንደ አንድ ቤተሰብ ነው። አብሮን ይበላል፣ አብሮን ያድራል። ልጄ፣ ሲኖቫይተሴ ተነሣብኝ። ልጄ፣ ሲኖቫይተሴ አላስተኛኝም። ለእንግዳም የሚያስተዋውቀው ከእኔ አስቀድሞ ነው።»

«ምን ማለት እንደሆነ ታውቂያለሽ?»

ምላጯ ቆመች። «አዎ። አትሄጂም ማለት ነው።»

የተናገረችው ቆይቶ የገባት ይመስል ፊቷ ቀላ።

«ዛሬ ጠዋት አሞት ነበር?»

«አላመመውም።»

«ጠዋት ተኝቼ ነበር ብለሽኝ አልነበረም?»

«ትናንት ከሰዓት በኋላ ክር ሲቋጥር አይቼዋለሁ። ደህና ስለነበር ነው ያልኩት።» አበባውን ከሌሎቹ ጎን አቆመችው። «ክሩን ትፈቱታላችሁ?»

«ምክንያት ካገኘሁ።»

«እሱ አይደለም። ክሩ ትንኝ ሲገድል እንኳ ይቅርታ ይጠይቃል።»

«ታዲያ ማን ነው?»

«እኔ ምን አውቃለሁ? እሱ ግን አይደለም።»

ክሩ በጣቢያው ጠባብ ክፍል ውስጥ ጉልበቱን አቅፎ ተቀምጧል። እንደተባለው ቀጭን ነው፤ ክንዱ ግን በእርግጥ የብረት ገመድ ይመስላል። መርማሪውን ሲያይ ተነሥቶ ቆመ።

«ተቀመጥ» አለው መርማሪው። «ጠዋት በሩ ላይ ምን ትሠራ ነበር?»

«ሥራ ልገባ ነዋ ጌታዬ። ሁልጊዜ ቀድሜ የምደርሰው እኔ ነኝ። በሩ ግን ከውስጥ ተቀርቅሮ ነበር። አንኳኳሁ፤ ዝም። ጋሼ ገና ያልበረደለት መሰለኝና ወዲያ ወዲህ ልል ሄድኩ። ስመለስ ፖሊስ ነው የተቀበለኝ።»

«ያልበረደለት ለምንድን ነው?»

ክሩ ወለሉን አየ። «ትናንት ልጅቷን ይልቀቋት አልኩት። እኔ እጅዎ እሆናለሁ፣ አለብስዎታለሁ፣ አጎርስዎታለሁ፣ እሷ ትሂድ አልኩት። ውጣ ብሎ ጮኸብኝ። እኔም ጮህኩ። ጋሼ ላይ ስጮህ የመጀመሪያዬ ነው።»

«ያልከውን ልጅቱ ታውቃለች?»

«ለምን ብዬ እነግራታለሁ?»

«እጁን ሰም ሲነክር አንተ ታግዘዋለህ?»

«አንዳንዴ። አብዛኛውን እሷ ናት።»

«ጓንቱንስ ማን ያወልቅለታል?»

«ማንም። ራሱ ነው» አለ ክሩ፤ ከንፈሩ ፈገግ ለማለት ዳዳው። «ለብ እንዳለ ይጨምቀዋል፣ ያሸዋል፣ ጣቶቹን ያሠራበታል። ሐኪሟ ጥሩ ነው ብላዋለች። ከዚያ ኳስ አድርጎ ወደ ድስቱ ይወረውራል። ሲስት ድስቱን ይሰድበዋል።»

«አንተ በምላጭ ቀደህለት አታውቅም?»

ክሩ ራሱን ነቀነቀ። «ምላጭም ቢላም አልይዝም። ከዚያ ነገር ወዲህ ምያለሁ። የሻማ ክር እንኳ የምቆርጠው በጥፍር መቁረጫ ነው። ነጋዴው፣ ሻማዎቹን ጥፍር አስተካከልካቸው ወይ እያለ ይስቅብኛል።» ከዚያ ድምፁ ተቀየረ። «ጌታዬ፣ ወደዚያ ከመለሳችሁኝ አልወጣም። ያኔ ልጅ ነበርኩ፤ አሁን አልችለውም። ይህን ብቻ ይወቁልኝ።»

የክሊኒኩ በረንዳ በሰው ተሞልቷል። ሐኪሟ መርማሪውን ያስገባችው በሁለት በሽተኞች መካከል ነው፤ ቆማ አነጋገረችው።

«ሲኖቫይተስ ምንድን ነው?» አላት።

«አጥንትና አጥንት የሚገናኙበትን ቦታ ከውስጥ የሚያለብስ ስስ ሽፋን አለ። መገጣጠሚያውን የሚያለሰልሰው ፈሳሽ የሚመነጨው ከእሱ ነው። ሽፋኑ ሲቆጣ ይወፍራል፣ ፈሳሹ ይበዛል፣ መገጣጠሚያው ያብጣል። ሲኖቫይተስ የምንለው የዚያን ሽፋን ብግነት ነው። ሰው አንዴ ከለመደው በኋላ ለማንኛውም የመገጣጠሚያ ሕመም ይጠራዋል፤ ልክ አይደለም። አጥንት ሲበላ ሌላ በሽታ ነው። ያኛው ሲሠሩበት ይብሳል። የእሳቸው ግን ሲያርፉበት ነበር የሚብሰው።»

«ሲያርፉበት?»

«ሌሊቱን እጅ ያርፋል አይደል? ጠዋት ጣቶቻቸው አይታጠፉም። እያንቀሳቀሷቸው ሲውሉ ይላላሉ። ከሰዓት በኋላ ያያቸው ሰው ጤነኛ ናቸው ሊል ይችላል። በማግስቱ ጠዋት እንደገና ነው።»

መርማሪው መስኮቱን ተመለከተ። «ይህን ለቤተሰቡ ነግረዋቸዋል?»

«ቃሉን ነግሬያቸዋለሁ» አለች። «በረንዳውን አይተውታል። ቃሉን ለመናገር የሚበቃ ጊዜ ነበረኝ።»

«ዛሬ ጠዋት ጣቶቹ ደርቀው እንደሆነ ከሬሳው ማወቅ ይቻላል?»

«እብጠት አለ። ግን አብጠው ነው የኖሩት። ድርቀቱን ከጠየቁኝ፣ ሞት የሁሉንም ሰው ጣት ያደርቃል።»

«ሰባራ አጥንት በጄሶ ይጠግናሉ?»

«ሥራዬ ነው» አለች ግር እያላት።

«እንግዲያው ሰዓት ሲያገኙ ወደ ሻማ ቤቱ ይምጡልኝ።»

መርማሪው ሻማ ቤቱ ሲመለስ ማንም አልነበረም። በርጩማው አጠገብ ተንበረከከ። ፖሊሶቹ ድስቱን ማየት አይተውታል፤ ሻማ ቤት ውስጥ ሰም ያለበት ድስት ማንን ያስገርማል? የረጋው ሰም መሐል ለመሐል ግን ለስላሳ ጉብታ አለ። በጣቱ ተከተለው። አንድ፣ ቀጥሎ ሌላ፣ ቀጥሎ ሌላ። ጣቶች ናቸው።

በማንኪያ ዙሪያውን ፈልፍሎ ቀስ ብሎ አነሣው። ከሥሩ ሌላ አንድ አለ፤ እሱ ግን ለብ ባለው ሰም ውስጥ ሰምጦ ቅርጹን አጥቷል። የላይኛው ሙሉ ነው። ከአንጓው ተነሥቶ በትንሿ ጣት በኩል እስከ ጫፍ የሚወርድ አንድ ቀጥ ያለ መስመር ብቻ ነው የተቀደደው። ሌላ ስንጥቅ የለበትም።

ብዙ ሳይቆይ ሐኪሟ መጣች። ያሳያትን አይታ ምንም ሳትጠይቅ ጄሶውን መበጥበጥ ጀመረች።

ፀሐይ ወደ ምዕራብ ስታዘነብል ሁሉም ሻማ ቤቱ ውስጥ ተሰበሰቡ። ነጋዴው በርሜሉ አጠገብ፣ ልጅቱ ጠረጴዛዋ ጋ ቆመዋል። ሐኪሟ ደረጃው ላይ ተቀምጣለች። ክሩ እጁ ታስሮ በሁለት ፖሊሶች መካከል ቆሟል። የማረሚያ ቤቱ መኪና ሞተሩን ሳያጠፋ ደጅ ላይ ይጠብቃል።

«ቶሎ በል» አለው አዛዡ።

«ቀስ በል» አለ መርማሪው። ጠረጴዛው ላይ በጨርቅ የተሸፈነ ነገር አለ፤ እጁን እሱ ላይ አሳረፈ። «በእጅጌው እንጀምር። በዚያ ብርድ እጅጌው እስከ ክርኑ ተጠቅልሏል፤ ያውም እኩል እኩል። ጠዋት ማንኪያ መያዝ የማይችል ሰው እጅጌውን እንዲህ አይጠቀልልም። አንድ ሰው ጠቅልሎለታል። ቆዳው ያብለጨልጫል፤ አንጓው ላይ የሰም ፍርፋሪ አለ። ስለዚህ ዛሬ ጠዋት እጁን ሰም ነክሯል።»

«አልነከረም ተብሎ የለም?» አለ ነጋዴው።

«ተብሏል። ድስቱ ግን ሌላ ይላል።» መርማሪው ወደ አዛዡ ዞረ። «ሟቹ ያልቧጨረው የገደለው ሰው ጉልበተኛ ስለሆነ አይደለም። ሁለት እጁ በሰም፣ በፌስታልና በፎጣ ተጠቅልሎ ነበር። እንዲህ የተቀመጠን ሰው ለማፈን ጉልበት አያስፈልግም። ሲጠጉት የማይደነግጥላቸው ሰው መሆን ብቻ ይበቃል።»

አዛዡ ባዶውን ወንበር ተመለከተ።

«ሽማግሌው ጓንቱን ራሱ ነበር የሚያወልቀው፤ ጨምቆ፣ አሽቶ፣ ኳስ አድርጎ። ይሄኛው ግን አልተጨመቀም። ጣቶቹ መንቀሳቀስ ካቆሙ በኋላ ሌላ ሰው ነው ያወለቀው። አሁን ማን እንደሆነ እንይ። እርስዎ ቢሆኑ» አለ ወደ ነጋዴው እያየ፣ «ሰም አይነኩም። ቢነኩም መሬት ላይ ጥለውት ይሄዱ ነበር። ይህን ያደረገው ሰው ግን ወደ ድስቱ ወርውሮታል። የሰም ቁራጭ ሲያገኝ እጁ ሳያስበው ወደ ድስት የሚሄድ ሰው ነው። ድስቱ እንደ ሌላው ቀን ተመልሶ ቢጣድ ኖሮ ቀልጦ ይጠፋ ነበር። ዛሬ የጣደው አልነበረም።»

«ክሩም እኮ የሰም ሰው ነው» አለ አዛዡ።

«ነው። ጓንቱ ግን የተቀደደው በምላጭ ነው፤ ክሩ ደግሞ ክር እንኳ የሚቆርጠው በጥፍር መቁረጫ ነው። በአንድ መስመር፣ በጎን በኩል፣ ቅርጹ እንዳይበላሽ ተጠንቅቆ የሚቀድ እጅ እዚህ ቤት አንድ ነው። ክሩ በሩ ከውስጥ ተቀርቅሮ ነበር ያለውም እውነት ነው። ከውስጥ የቀረቀረው፣ ኋላም ለሚመጣው ሰው የከፈተው እዚሁ ያደረ ሰው ነው።»

ማንም ወደ ልጅቱ አልዞረም። እሷም ከቆመችበት አልተንቀሳቀሰችም።

«ልተወው አልቻልኩም» አለች በመጨረሻ። «ማውለቄን ነው የምላችሁ። እንደዚያ ታስሮ ልተወው አልቻልኩም። እጄ ራሱ ነው የሠራው።»

«ልጄ፣ ዝም በዪ!» አለ ነጋዴው። «ዝም በዪ፣ ጠበቃ…»

«ትናንት ክር ሲቋጥር በዓይኔ አይቼዋለሁ፣ አጎቴ። አንተም ካርታ ስትጫወቱ አይተኸዋል። ማታ ሻንጣዬን አየ። ጠዋት፣ ልጄ፣ ጣቶቼ አልታጠፍ አሉኝ አለኝ። ድስቱን አሞቅኩ። እጅጌውን ጠቀለልኩ። ነከርኩለት። እንደ ሁልጊዜው። ከዚያ፣ ይኸው፣ እንዴት ትሄጂያለሽ? አለኝ። ለምን ጠዋት ብቻ? ለምን ስሄድ ብቻ? ስትዋሽ አታፍርም? አልኩት። አልዋሸሁም አለኝ። ስንት ጊዜ ነው የሚዋሸኝ? ፎጣው እጄ ላይ ነበር።»

ሐኪሟ ከደረጃው ተነሣች።

«የሚያማቸው ጠዋት ነው» አለች። «በሽታው ራሱ እንደዚያ ነው። ከሰዓት በኋላ ይላቀቃል። ጭንቀት ሲጨመርበት ደግሞ ይብሳል፤ እሳቸው ፈልገው አይደለም። ልነግርሽ ይገባ ነበር።»

ልጅቱ ሐኪሟን ትክ ብላ አየቻት። «ከሰዓት በኋላ ክር መቋጠር ይችላል?»

«ይችላሉ።»

«እና በማግስቱ ጠዋት…»

«አዎ።»

መርማሪው ጨርቁን ማንሣት አልፈለገም። ሕጉ ግን ማስረጃውን እንዲያሳይ ያስገድደዋል፤ አነሣው። ሐኪሟ ጓንቱ ውስጥ ጄሶ አፍስሳ ሰሙን ገልጣው ነበር። ጠረጴዛው ላይ ነጭ እጅ ቆሟል። እያንዳንዱ ጣት መሐሉ ላይ እንደ ቋጠሮ አብጧል፤ ሥራቸው ያለው መገጣጠሚያ ደግሞ ቆዳው ሊፈነዳ እስኪደርስ ተነፍቷል። ከትንሿ በቀር አንዱም ጣት ወደ መዳፉ አልታጠፈም።

«ይህ የዛሬ ጠዋት እጁ ነው» አለ።

ልጅቱ እንደ ሠሪ ነበር ያየችው፤ ቀስ ብላ፣ ከአንጓው እስከ ጫፍ። አልጮኸችም። «እኔ ነኝ ያወለቅኩት» አለች። «እጄ ላይ ነበር። አላየሁትም።»

ከዚያ በኋላ የሚጠይቃት አልነበረም። ፖሊሱ ከክሩ እጅ የፈታውን ካቴና ይዞ ወደ እሷ ሄደ። አንጓዋ ቀጭን ስለነበር እስከ መጨረሻው ጥርስ ማጥበቅ ነበረበት። ነጋዴው ፊቱን ወደ በርሜሉ አዞረ። ሐኪሟ ቀና ሳትል ወጣች፤ ክሊኒኩ በረንዳ ላይ ሰዎች ይጠብቋታል።

መኪናው የመጣለትን ሰው ትቶ እሷን ይዞ ሄደ።

አመሻሹ ላይ መርማሪው ሻማ ቤቱን ሊያሽግ ሲወጣ ክሩን ደጃፉ ላይ ተቀምጦ አገኘው።

«ነፃ ነህ እኮ» አለው። «ወደ ቤትህ ሂድ።»

«እሄዳለሁ ጌታዬ።» ክሩ አልተነሣም። ካቴናው የነበረበትን ቦታ በአውራ ጣቱ ያሻል። «ተሳስተው ይሆን?»

«አልተሳሳትኩም።»

«ቢሳሳቱ ይሻል ነበር።»

መርማሪው ቁልፉን እንደያዘ ቆመ። «ከመለሳችሁኝ አልወጣም ያልከኝ አንተ አይደለህም?»

«ነኝ። አሁንም አልወጣም ነበር።» ክሩ መኪናው ወደ ሄደበት መንገድ አየ። «እኔ ግን የት መተኛት እንዳለብኝ አውቃለሁ። ማንን ቀና ብዬ እንደማላይ አውቃለሁ። እሷ አታውቅም። ማን ይነግራታል?»

መርማሪው በሩን ቆለፈው።